ከመደርደሪያ ወደ መደርደሪያ

ባለፈው ሰሞን አራት ጓደኛሞች ሻይ ቤት ተቀምጠን ወሬ ሲያልቅብን አንዳችን፣ «እስቲ ወደ ኋላ መመለስ ብትችሉ ከኑሯችሁ ምኑን ትቀይራላችሁ?» ብሎ ጠየቀ። መልሱንም ራሱ ጀመረው። «እኔ ቦሌ ሜዳ በነበረበት ጊዜ ቦታ እይዝ ነበር» አለ። ሁለተኛው፣ ሚስቱን ያገኘበት ሰርግ ላይ ላለመገኘት ታምሜአለሁ ብሎ እንደሚተኛ ነገረን። ሳቅን። ሚስቱን በደንብ የምናውቃት ደግሞ ትንሽ አብዝተን ሳቅን። ሦስተኛዋ ግን ማንኪያዋን ብርጭቆው ውስጥ እያዞረች፣ «እናቴን አንድ ሳምንት ቀደም ብዬ ሐኪም ቤት እወስዳት ነበር» ስትል ሳቁ ቀዘቀዘ። ተራው የእኔ ሲሆን አስተናጋጁን ጠርቼ ሒሳብ ጠየቅሁ። ለምን እንደሸሸሁ ወደ ኋላ ላይ እነግራችኋለሁ።

ለነገሩ ጥያቄው የመጣው በእኔው ጦስ ነው። ጠረጴዛው ላይ ያስቀመጥኩት መጽሐፍ ነበር ነገሩን ያስነሳው። ከአሮጌ መጽሐፍ ሻጭ ላይ የገዛሁት፣ ሽፋኑ በፕላስተር የተጠገነ፣ ጊዜን እያቋረጡ ስለሚጓዙ ምስጢረኛ ማኅበርተኞች የሚተርክ ልብ ወለድ ነው። ደራሲው አይዛክ አሲሞቭ፣ መጽሐፉ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1955። ርዕሱን «የዘላለም ፍጻሜ» ብንለው ያስኬዳል።

አሲሞቭን ብዙዎቻችሁ በሮቦት ታሪኮቹ ታውቁት ይሆናል። ሩሲያ ውስጥ ተወልዶ በሦስት ዓመቱ ወላጆቹ ይዘውት ወደ አሜሪካ የሄዱ፣ ብሩክሊን ውስጥ በአባቱ ከረሜላ ቤት መጽሔት እያነበበ ያደገ፣ በኋላም በቦስተን ዩኒቨርሲቲ ባዮኬሚስትሪ ያስተማረ ሰው ነው። በ1992 እስኪያርፍ ድረስ ከመጻፍ የቦዘነበት ቀን ያለ አይመስልም። የዚህ መጽሐፍ መነሻ ራሱን የቻለ ታሪክ ነው። በ1953 መጨረሻ ግድም የታይም መጽሔትን የድሮ ጥራዞች ሲያገላብጥ፣ በ1930ዎቹ ከወጣ እትም ላይ አንድ የማስታወቂያ ሥዕል ያያል። የአቶሚክ ቦምብ ጭስ ነው፤ ያ እንጉዳይ የሚመስለው። ቦምቡ ደግሞ የተሠራው በ1945 ነው! ጠጋ ብሎ ሲያየው ሥዕሉ በአሜሪካ የሎውስቶን መናፈሻ ከመሬት እየተመዘገዘገ የሚወጣው ፍል ውኃ ሆኖ ተገኘ። ሌላው ሰው ቢሆን ፈገግ ብሎ ገጹን ይገልጥ ነበር። እሱ ግን «የምር የቦምብ ጭስ ቢሆንስ? ማን አስሳለው? ለማን ብሎ?» እያለ ቁጭ ብሎ ጻፈ። መጀመሪያ አጠር አድርጎ የጻፈውን አንድ መጽሔት አልቀበልም ሲለው አስፋፍቶ ሙሉ መጽሐፍ አደረገው።

አሁን ወደ ማኅበሩ እንግባ። የማኅበሩ ስም «ዘላለም» ይባላል፤ አባላቱ «ዘላለማውያን»። በ27ኛው ክፍለ ዘመን የተመሠረተ ሲሆን መኖሪያቸው ከጊዜ ውጪ ነው። እኛ ከቤት ወጥተን ወደ መርካቶ እንደምንወርደው እነሱ ወደ 482ኛው ወይም ወደ 2456ኛው ክፍለ ዘመን ይወርዳሉ፣ ይወጣሉ። የሚሳፈሩበትን ዕቃ ደራሲው «ማንቆርቆሪያ» ብሎታል። የኛ ሰው ቢጽፈው መቼም ጀበና ማለቱ አይቀርም ነበር።

ተራው ሕዝብ ዘላለማውያንን በነጋዴነት ነው የሚያውቃቸው። አንዱ ዘመን የተረፈውን ለሌላው ዘመን ያደርሳሉ፣ ተመስገን ይባላሉ። ዋናው ሥራቸው ግን ምስጢር ነው። የሰውን ልጅ ታሪክ እያጠኑ፣ ጦርነት ያለበትን፣ ሱስ ያለበትን፣ ረሃብ ያለበትን እየፈለጉ አስቀድመው ያርሙታል። የታረመው ዘመን ሰው መታረሙን አያውቅም። ትናንት የነበረው ትናንት እንዳልነበረ ይሆናል፤ የሚያስታውሱት እነሱ ብቻ ናቸው።

አባላቱ የሚመለመሉት ገና በጉርምስናቸው ነው። የታሪኩ ባለቤት አንድሩ ሃርላን የ95ኛው ክፍለ ዘመን ልጅ ሲሆን የወሰዱት በ15 ዓመቱ ነው። ከዚያ በኋላ «እናቴን ልጠይቅ» ብሎ መመለስ የለም። ትዳር እንደልብ አይፈቀድም። ሴት በማኅበሩ ውስጥ የለችም ማለት ይቻላል። ለምን ቢባል፣ ሴትን ከዘመኗ ነቅሎ መውሰድ የምትወልዳቸውንም አብሮ መንቀል ስለሆነ ስሌቱ ይፋለሳል ይላሉ። ይህን ሰበብ ስንቱ መሥሪያ ቤት በሌላ ቃል እንደሚናገረው ለአንባቢዎቼ እተዋለሁ።

ደረጃም አላቸው። በዚያ ማኅበር «ኮምፑተር» ማለት ማሽን አይደለም፤ የሚያሰላ ሰው ነው፤ ሹመት ነው። ሶሺዮሎጂስቱ ያጠናል፣ ኮምፑተሩ ያሰላል፣ ሸንጎው ያጸድቃል። ወርዶ በእጁ የሚነካው ግን ቴክኒሻኑ ነው። ሃርላን ቴክኒሻን ነው። ትከሻው ላይ ቀይ ምልክት አለበት፣ ሲገባ ወሬ ይቆማል፣ አጠገቡ ለመቀመጥ የሚፈልግ የለም። የወሰኑት ሁሉም ናቸው፤ የሚጠየፉት ግን እጁን ያስገባውን ነው። ይህንን ክፍል ሳነብ እኛው ትዝ አልነው። በማረሻው እያረስን፣ በማጭዱ እያጨድን፣ ብረቱን ቀጥቅጦ የሰጠንን ሰው «ቡዳ» እያልን ከማዕድ ስናርቀው ኖረን የለ?

የሥራቸው ረቂቅነት ደግሞ ይገርማል። መፈክራቸው በትንሹ ነካ አድርጎ ብዙ መለወጥ ነው። መጽሐፉ መግቢያው ላይ ሃርላን የሚላከው አንድን ዕቃ ከአንድ መደርደሪያ ወደ ሌላ መደርደሪያ እንዲያዛውር ነው። አለቀ። ከዚያ ሰበብ ሰበብን እየወለደ አንድ ዘመን ሌላ ዘመን ይሆናል። ሌላ ጊዜ ደግሞ አንድ መሣሪያ ነካክቶ አንድ ወጣት ከአንድ የመካኒክስ ትምህርት እንዲቀር አድርጓል። ወጣቱ በዚያው ሊይዘው የነበረውን ሙያ ሳይዝ ቀረ። በዚህ ሳቢያ አንድ ፈጠራ 10 ዓመት ዘገየ። ፈጠራው በመዘግየቱ በሚቀጥለው ክፍለ ዘመን ሊነሣ የነበረ ጦርነት ሳይነሣ ቀረ።

«ታዲያ ምኑ ላይ ነው ክፋቱ?» ትሉኝ ይሆናል። እኔም እስከ መጽሐፉ ግማሽ ድረስ ይህንኑ ስል ነበር። የአሲሞቭ ጉብዝና እዚህ ላይ ነው። በማኅበሩ ውስጥ ጨካኝ የለም። ቅናተኛ አለቃ አለ፤ እሱ የትም አለ። የሁሉም የበላይ የሆነው ትዊስል የሚባለው ሽማግሌ ግን፣ ማንም በማያጨስበት ቤት ሲጋራ ከጣቱ የማይለየው፣ ለሰው ልጅ ከልቡ የሚጨነቅ ሰው ነው። ክፉ ሰው የሌለበት በደል ለመጻፍ ቀላል አይደለም። በአምስት ዓመት ዕቅድ ትመራ በነበረችው በሶቪየት ኅብረት መጽሐፉ በ1987 ፊልም ሆኖ ሲሠራ፣ ተመልካቹ እነ ትዊስልን ለማወቅ የተቸገረ አይመስለኝም።

በደሉ ቀስ ብሎ ነው የሚገለጠው። ዘላለማውያን አደገኛውን ሁሉ ሲቆርጡ አብሮ የሚቆረጥ ነገር አለ። በየዘመኑ ሰዎች ወደ ከዋክብት ለመሄድ ይነሣሉ፤ መንገዱ ውድ ነው፣ ሰው ይሞትበታል፤ ስለዚህ በየዘመኑ በአንድ መደርደሪያ፣ በአንድ ብሎን ምክንያት ሐሳቡ ይከስማል። በሚሊዮን የሚቆጠሩ ዓመታት እንዲህ አልፈው ሰው በመጨረሻ ወደ ሰማይ ሲወጣ ቦታው ሁሉ ተይዟል። ሌሎች ቀድመውታል። ተመልሶ ይመጣል፣ ይተክዛል፣ መውለድ ይቀንሳል፣ ይጠፋል። ማንም አልገደለውም። ተንከባክበው ጨረሱት።

ሃርላን ይህን የሚያውቀው በፍቅር ምክንያት ነው። ከ482ኛው ክፍለ ዘመን ኖይስ የምትባል ሴት ይወዳል። ሊመጣ ባለው ለውጥ እሷ እንደማትኖር፣ ማለትም እንዳልተፈጠረች እንደምትሆን ሲያሰላ፣ በማንቆርቆሪያው ጭኖ 111,394ኛው ክፍለ ዘመን ውስጥ ይደብቃታል። ስንቱን ሰው ያለ ሐሳብ ሲያጠፋ የኖረ እጅ፣ የሚያጠፋው ሰው ፊት ሲኖረው ተንቀጠቀጠ። ለእኔ የመጽሐፉ እውነተኛ ገጽ ይኼ ነው።

ከዚህ በኋላ ያለውን ልታነቡት ያሰባችሁ ካላችሁ የሚቀጥሉትን ጥቂት አንቀጾች ዝለሉ። ኖይስ የመሰለችውን አይደለችም። ዘላለማውያን ሊደርሱበት ካልቻሉት ከሩቁ ዘመን የመጣች፣ ማኅበሩን ጨርሶ እንዳይፈጠር ልታደርግ የተላከች ናት። መጨረሻው ላይ ሁለቱ በ1932 አሜሪካ ውስጥ ይገኛሉ። የእሷ ሥራ ጣሊያን አገር ላለ አንድ ሳይንቲስት ደብዳቤ መላክ ነው። ደብዳቤው ከደረሰ የአቶሚክ ቦምብ በ30ኛው ክፍለ ዘመን መሠራቱ ቀርቶ በ1945 ይሠራል። የሰው ልጅም ኃይሉን ቀድሞ አውቆ ቀድሞ ወደ ከዋክብት ይወጣል። ሃርላን መሣሪያ ደግኖባት ከቆየ በኋላ ይስማማል። «ዘላለም» ያልነበረ ይሆናል።

ሁለት ቅሬታ አለኝ። አንደኛው ስለ ኖይስ ነው። ከመጽሐፉ ሦስት እጅ ሁለቱን የምናያት በሃርላን ዓይን ብቻ ነው፤ የምናየውም ቁንጅናዋን ነው። በመጨረሻ ከሁሉም የበለጠች አዋቂ እሷ ሆና ስትገኝ ደስ ይላል፤ ግን ያ ሁሉ እውቀት የት ተቀምጦ ነበር ያሰኛል። አንባቢው እንዲደነቅ ሲባል ሴትየዋ ሁለት መቶ ገጽ ሙሉ ዝም እንድትል ተደርጋለች።

ሁለተኛው ይብሳል። ደራሲው ጥቂት ሰዎች ተደብቀው ለሁሉም መወሰናቸውን ሲያወግዝ ቆይቶ፣ ውግዘቱን የሚጨርሰው ሁለት ሰዎች ተደብቀው ለሁሉም እንዲወስኑ በማድረግ ነው። ኖይስ ብቻዋን የቆመች ማኅበር ናት። እሷም አስልታለች፣ እሷም «በትንሹ ነካ» አድርጋለች፤ ዕቃዋ ደብዳቤ ሆነ እንጂ። ደብዳቤው ሲደርስ ደግሞ ሂሮሺማና ናጋሳኪ አብረው ይደርሳሉ። አሲሞቭ ይህን የጻፈው ቦምቡ በወደቀ በ10 ዓመቱ ነው። ያንን እሳት የከዋክብት መንገድ መነሻ አድርጎ ሲያቀርበው ብዕሩ ትንሽ እንኳ አልተደናቀፈም። በእነዚያ ከተሞች የነበሩትን ሰዎች ግን ትዊስልም አልጠየቃቸው፣ ኖይስም አልጠየቀቻቸው።

መጽሐፉ «ከምቾት አደጋ ይሻላል» ሊለን ይፈልጋል። እኔ የወሰድኩት ትምህርት ሌላ ነው። ሰው ራሱ መርጦ የገባበት አደጋና ሌላው የመደበለት አደጋ አንድ አይደሉም። ራሱ የመረጠው ምቾትና ሌላው የቆረጠለት ምቾትም እንደዚያው። ጥያቄው ምን ተወሰነ ብቻ አይደለም፤ ባለቤቱ ተጠይቋል ወይ ነው።

በጊዜ ስለመጓዝ ከተነሣ የእኛው አቤሜሌክ መዘንጋት የለበትም። ተረፈ ባሮክን ያነበበ ያውቀዋል። ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ ኤርምያስ በለስ እንዲያመጣ ልኮት፣ ከዛፍ ሥር ትንሽ ልረፍ ብሎ ጋደም አለ። የተነሣው ከ66 ዓመት በኋላ ነው። በለሱ ገና ወተቱን ያንጠባጥባል። ኢየሩሳሌም ሲደርስ ከተማው አልታወቅ አለው፤ መንገድ የሳትኩ መሰለኝ ብሎ ተመለሰ። በመጨረሻ አንድ ሽማግሌ አግኝቶ «ይህች ከተማ ማን ናት? ሰዎቹስ የት አሉ?» ብሎ ጠየቀ። ከያዘው በለስም ሰጠው። ልዩነቱን አያችሁ? ይኼ ሰው ማኅበር የለው፣ ማንቆርቆሪያ የለው። ማንም ሳይነካ 66 ዓመት ተሻገረ። ሲደርስ መጀመሪያ ያደረገው ነገር መጠየቅ ነው። ዘላለማውያን በሺህ የሚቆጠሩ ክፍለ ዘመናት ሲወጡና ሲወርዱ የትኛውም መንደር ገብተው አንድ ሽማግሌ «ምን ይሻላችኋል?» ብለው ሲጠይቁ አላየሁም።

አሁን ሻይ ቤት ወደሸሸሁት ጥያቄ ልመለስ።

በ1996 ዓ.ም. ታናሽ ወንድሜ ትምህርቱን ጨርሶ ሥራ ይፈልግ ነበር። አባታችን ከሞተ ወዲህ የቤቱ ታላቅ እኔ ነኝ። ወንድሜ ሳይነግረኝ ከአዲስ አበባ ሩቅ በሆነ ቆላ አገር ለአስተማሪነት አመልክቶ ኖሯል። የጥሪው ደብዳቤ የመጣው በእኔ የፖስታ ሣጥን ነው። በ15 ቀን ውስጥ ቀርቦ ሪፖርት እንዲያደርግ ይላል። እኔ ደግሞ ከዚያ ሁለት ዓመት በፊት የአክስታችንን ልጅ በወባ ቀብሬ መጥቻለሁ። እናታችንም ደካማ ነበረች። ደብዳቤውን አነበብኩ፣ አጠፍኩ፣ ከላይኛው መሳቢያ አውጥቼ ታችኛው መሳቢያ ውስጥ ከቆዩ ደረሰኞች ሥር ከተትኩት። 15ቱ ቀን አለፈ። ወንድሜ ጥቂት ጊዜ ፖስታ ቤት ተመላለሰ፤ ከዚያ ተወው። በዓመቱ እኔ ለማውቀው ሰው ነግሬለት አንድ ድርጅት ውስጥ ሒሳብ ሠራተኛ ሆነ።

ደህና ነው። አገባ፣ ሁለት ልጆች ወለደ፣ ኮንዶሚኒየም ደረሰው። እናታችንን እስክታርፍ ያስታመማትም እሱ ነው። ስሌቴ ትክክል ነበር ማለት ነው። ለ20 ዓመት ያህል ታችኛውን መሳቢያ በከፈትኩ ቁጥር «ልጁን አተረፍኩት» እያልኩ ዘጋሁት።

ነገር ግን ወንድሜ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አንድ ልማድ አለው። የሕንጻውን ልጆች ደረጃው ሥር ሰብስቦ በነጻ ሒሳብ ያስተምራል። ጥቁር ሰሌዳውን ራሱ ከጣውላ ሠርቶ ቀብቶታል። ልጆቹ «ቲቸር» ይሉታል። ለዓመታት ይህን ሳይ የደግነቱ ነው ብዬ አልፌዋለሁ። የሃርላንን መደርደሪያ ካነበብኩ በኋላ ግን ያንን ሰሌዳ ደፍሬ ማየት አቃተኝ። አንድ ቦታ፣ በአንድ ቆላ ከተማ፣ 20 ዓመት ያስተማረ ሰው አለ፤ ወንድሜን ይመስላል፤ እኔ አጥፍቼዋለሁ። በወባ ሊሞት ይችል ነበር፣ እውነት ነው። ርእሰ መምህር ሊሆንም ይችል ነበር። አሁን የትኛውንም ማወቅ አልችልም፤ ማኅበርተኞቹስ ማስላት ይችሉ ነበር።

መጽሐፉን በጨረስኩ በሳምንቱ እሁድ ደብዳቤውን ይዤ ቤቱ ሄድኩ። ምሳ ከበላን በኋላ፣ ቡናው ሲፈላ፣ ከነገሩ ሁሉ ጋር ሰጠሁት። ቀስ ብሎ አነበበው። ቀኑን ደግሞ አየው። ይቆጣል ብዬ ጠብቄ ነበር፣ አልተቆጣም። ይስቃል ብዬም ተመኝቼ ነበር፣ አልሳቀም። ደብዳቤውን በእጥፉ መልሶ አጥፎ ደረት ኪሱ ውስጥ ከተተና፣

«ጋሼ፣ ብትጠይቀኝ እኮ ልቀርም እችል ነበር» አለኝ።

ከዚያ በኋላ ብዙ አልተነጋገርንም። ሁለተኛውን ቡና ጠጥቼ ወጣሁ።

መጽሐፉን አግኙና አንብቡት። ጉድለቱን እያያችሁም ቢሆን ያነጋግራችኋል። ሻይ ቤት ያሉት ጓደኞቼ ደግሞ መልስ እንዳለብኝ እስካሁን አላስታወሱም። የዚያን ቀን ሒሳቡን የከፈልኩት እኔ ስለነበርኩ ይሆናል። ቢጠይቁኝ ግን አሁን መልስ አለኝ። ወደ ኋላ ብመለስ የማንንም ዕጣ አልነካም፤ ደብዳቤውን ለባለቤቱ እሰጠዋለሁ። ስለ ወባውም እነግረዋለሁ፣ ስለ እናታችንም አለቅስበታለሁ፣ እንዳይሄድ እለምነዋለሁ። ከዚያ ግን ቁጭ ብዬ ምን እንደሚል እሰማዋለሁ።